የድቡልቡሎቹ ጉዝጓዝ

ጉለሌ፣ ኅዳር 12 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለጽጌረዳ ወልዱ፣

ደብዳቤሽ ከደረሰኝ ሁለት ሳምንት አለፈው። መልሱ የዘገየው ታምሜ አይደለም። ሳጥኑን ከፍቼ ሳላይ «አሉ» ብዬ መጻፍ ስላልፈለግሁ ነው፤ ለመክፈት ደግሞ ሁለት ሳምንት ፈጀብኝ። ይቅርታሽን እለምናለሁ።

ኪየቭ በደኅና መግባትሽን ሰምቼ ደስ ብሎኛል። ብርዱ እንዳልሽው ከሆነ ጋቢውን ከካፖርቱ ውስጥ ልበሺው። ሰው ያያል ብለሽ አትፈሪ፣ አገራቸው ሁሉም ተጠቅልሎ ነው የሚሄደው ብለሽኛል። እኔ ደኅና ነኝ። ጎረቤታችን ዓሊማ ከሱቋ ሆና በወጣሁ በገባሁ ቁጥር «ልጅቱ ጻፈች ወይ?» ትለኛለች። ጽፋለች ብያታለሁ።

አዎ፣ አሉ። ጓዳ ውስጥ፣ መስኮቱ ሥር፣ አንቺ ባስቀመጥሽበት ቦታ ናቸው። ክዳኑ ላይ የለጠፍሽውን ወረቀት በየቀኑ አነበዋለሁ፤ «ጉዝጓዛቸው እንዳይደርቅ፣ ደረቅ ቅጠል እንዳያጡ» ከሚለው ሌላ ነገር የለበትም። ክዳኑን የከፈትኩት በሹካ ነው።

ጽጌ፣ እውነቱን ልንገርሽ፣ ይቀፉኛል። አንቺና አባትሽ ድቡልቡሎች እያላችሁ መዳፋችሁ ላይ ስታሯሩጧቸው አይቻለሁ፤ ያኔም ፊቴን አዙሬ ነበር። ለወልዱ ሚስት ሆኜ እዚህ ቤት ከገባሁ አሥራ አንድ ዓመት ሆነኝ፣ አንድ ቀን እንኳ ነክቻቸው አላውቅም። ምስር የሚያህሉ፣ ግራጫ፣ ጀርባቸው የተደራረበ፣ ከሆዳቸው ሥር እግር ብቻ የሚርመሰመስባቸው። አንዱን በማንኪያ ጫፍ ብነካው ተጠቅልሎ የመቁጠሪያ ፍሬ መሰለ። ከዚያ ቀን ወዲህ መቁጠሪያዬን ስይዝ ጣቴ ይኮማተራል።

ባለፈው ሰኞ አንዱ በአየር ቀዳዳው ወጥቶ ዳዊቴ ላይ ሲሄድ አገኘሁት። ስለዚህ ቀዳዳዎቹን በጨርቅ ደፍኛቸዋለሁ። ቅጠሉንም ከአጥር ሥር የባሕር ዛፍ ጠርጌ ጨምሬያለሁ፤ ጉለሌ ውስጥ ከዚያ ሌላ ቅጠል የት አለ። እንዳይደርቅም በሁለት ቀን አንድ ጣሳ ውሃ ከሩቅ ሆኜ አፈስላቸዋለሁ።

ስለ አባትሽ የመጨረሻ ወራት የጠየቅሽኝን በዚህ ወረቀት አልመልስም። ቦታ አልቀረኝም።

ብርቅነሽ


ኪየቭ፣ ታኅሣሥ 13 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለእትዬ ብርቅነሽ፣

እንደምን ሰነበቱ? ይህ ደብዳቤ እዚያ እስኪደርስ አንድ ወር ስለሚፈጅ ሰላምታዬን አሳጥራለሁ፤ አይቀየሙኝ።

ጨርቁን ይህን እንዳነበቡ ያውጡት። አየር ካላገኙ ጉዝጓዙ ታፍኖ ይሻግታል። የባሕር ዛፉንም ቅጠል ከላዩ ብቻ ሳይሆን እስከ ታች ድረስ ያውጡ፤ ዘይቱ ይገድላቸዋል። ከቤተ ክርስቲያኑ ግቢ የወይራና የወርካ ቅጠል ያገኛሉ፤ የደረቀውን ይልቀሙ። ከእሱ ጋር በእጅ ሲጫኑት የሚፈርስ የበሰበሰ እንጨት ይጨምሩ።

ውሃውን በጣሳ አይድፉባቸው። በአንዱ ጎን ብቻ በጣትዎ ይርጩ፣ ሌላው ጎን ደረቅ ሆኖ ይቆይ። እርጥበቱ ሲበዛባቸው ወደ ደረቁ፣ ሲደርቃቸው ወደ እርጥቡ ራሳቸው ይሄዳሉ። መሄጃ ካጡ ግን እዚያው ይሞታሉ። ልብሳቸውን እየቀየሩ ነው የሚያድጉት፤ ለአዲሱ የሚሆን የእንቁላል ቅርፊት ወቅጠው ይስጧቸው።

ዋናው ነገር ይህ ነው። ጉዝጓዙ ደኅና መሆኑን በዐይን አያውቁትም። እጅዎን እስከ ታች አስገብተው አንድ ጭብጥ ያውጡ፣ ይጭመቁት። መዳፍዎ ላይ ተያይዞ ከቀረና በጣቶችዎ መሃል ውሃ ካልወጣ ደኅና ነው። በማንኪያ አይሆንም። አባባ ችግኝ ከማጠጣቱ በፊት ሁልጊዜ እጁን አፈሩ ውስጥ ያስገባ ነበር።

እንደሚቀፉዎት አውቃለሁ። ግን ከአባባ እጅ የቀረኝ ሕያው ነገር እነሱ ብቻ ናቸው። ስድስት ዓመቴ ሳለ እንጦጦ ግርጌ ከሚሠራበት ችግኝ ማፍያ በዱቄት ወተት ጣሳ ያመጣልኝ ድቡልቡሎች ዘሮች ናቸው። ሥልጠናዬ በሰኔ ያልቃል። በሐምሌ ስመለስ መጀመሪያ የምገባው ወደዚያ ጓዳ ነው። ካለቁ ጉለሌ የሚያመጣኝ ምን እንደሚኖር አላውቅም።

ቦታ ሲተርፍዎት ደግሞ የጠየቅሁዎትን ይጻፉልኝ።

ጽጌረዳ


ጉለሌ፣ የካቲት 2 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለጽጌረዳ፣

ደብዳቤሽ ደረሰኝ። ፖስታው ተከፍቶ እንደገና ተለጥፏል፣ ሙጫው ግን ከቀድሞው ይበልጥ ጠንክሯል።

እንዳልሽው ሁሉንም አድርጌያለሁ። ድቡልቡሎቹ ደኅና ናቸው። በዝተዋልም፤ እንዲያውም ሌላ ቤት ሳያስፈልጋቸው አይቀርም። ስለ እነሱ አታስቢ፣ ትምህርትሽን ተማሪ።

ጾሙ ሲገባ እንቁላል ቤቴ ስለማይገባ ቅርፊቱን ዓሊማ ልታጠራቅምልኝ ነው። «ለምንሽ ነው?» ብትለኝ «ለአትክልት» አልኳት። እውነቱን ብነግራት ሁለተኛ ከቤቴ ሻይ አትጠጣም።

አባትሽ ብዙ አልተሠቃየም። በሰላም ነው ያረፈው።

ብርቅነሽ


ጉለሌ፣ መጋቢት 13 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለጽጌረዳ፣

መልስሽን ሳልጠብቅ የምጽፍልሽ ያለፈው ደብዳቤዬ ውሸት ስለነበር ነው። ይህንንም ከአንቺ በፊት የሚያነበው ሰው ካለ ሰላምታዬ ይድረሰው፤ የምጽፈው ስለ ተባይ ነው።

ሐሙስ ዕለት ከሰዓት በኋላ ከቀበሌ ዱጉማ መጣ። ታስታውሺዋለሽ፣ ጠመንጃውን እንደ ከብት መንጃ ዱላ ትከሻው ላይ አጋድሞ የሚሄደው ጥበቃ። ብጣሽ ወረቀት ይዟል።

«እትዬ ብርቅነሽ፣ ድቡልቡሎቹ እነማን ናቸው?» አለኝ ገና ሳይቀመጥ።

«ምኖቹ?»

«በዝተዋል ብለው የጻፉት። ሌላ ቤት ያስፈልጋቸዋል ያሉት። ስንት ናቸው? ቤቱንስ የሚፈልግላቸው ማን ነው?»

«ተባዮች ናቸው» አልኩት።

ወረቀቱን አየና «ተባይ ማለትዎ ፀረ አብዮት ማለት ነው?» አለኝ።

«ተባይ ማለቴ ተባይ ነው። እግር ያለው። ግባና እይ።»

ሳቄም ፍርሃቴም እኩል መጡ። ጓዳ አስገባሁትና ሳጥኑን በጣቴ አሳየሁት። ክዳኑን ሲያነሳ እኔ ወደ በሩ ተመለስኩ። «ከሥሩስ ምን አለ?» አለኝ። ወረቀት የቀበርኩ መስሎት ነው መሰለኝ፣ መልሴን ሳይጠብቅ እጁን እስከ አንጓው ከተተው።

ያወጣውን ሳልፈልግ አየሁት። ጥቁር፣ የላቆጠ ነገር ነው። በጣቶቹ መሃል ቡናማ ውሃ እየወረደ መሬቴ ላይ ነጠበ። የሞቱት ባዶ ቆዳቸው ነጥቶ፣ ጥፍር መስሎ፣ በእጁ ጀርባ ላይ ተለጥፏል። አንድ በሕይወት ያለ ነጭ ትል ከመሃሉ እየተጥመዘመዘ ወጣ፤ ከየት እንደገባ እንጃ። አፍንጫዬን በነጠላዬ ያዝኩ። ዱጉማ ግን እጁን እንኳ አላራገፈም። ወደ አፍንጫው አስጠጋው።

«ይኼ መኝታ ታሟል» አለኝ። «ሽንት ሽንት ይላል። እኛ አገር ላም እንኳ እንዲህ ያለ ላይ አትተኛም።»

«እንግዲህ እነሱ ናቸው ያበላሹት» አልኩ።

«ላሚቱ ምን ታድርግ፣ እትዬ? ራሷ አትጠርገው።»

ከዚያ ደጅ ያለው ቧንቧ ላይ እጁን ታጠበ፤ ብጣሿ ላይ «ትል» ብሎ ጻፈና ሄደ።

እውነቱ እንዲህ ነው። ጨርቁን ከቀዳዳዎቹ ላይ አላነሳሁም፣ ይወጡብኛል ብዬ። የባሕር ዛፉን ቅጠል በጉጠት ከላይ ከላይ ብቻ ለቀምኩ። ውሃውንም በጣሳ ማፍሰሴን አልተውኩም፣ መርጨት መጠጋት ስለሚጠይቅ። መሽተት ሲጀምር ያፈናል ብዬ አመድ ነሰነስኩበት። እጄን አንድም ቀን አላስገባሁም። ደኅና ናቸው ብዬ በጻፍኩልሽ ዕለት ክዳኑን ከከፈትኩ አሥር ቀን አልፎኝ ነበር።

ዱጉማ ከሄደ በኋላ ሳጥኑን ደጅ አውጥቼ ጆንያ ላይ ገለበጥኩት። በሁለት እንጨት እየፈለግሁ ሃያ ሦስት የሚንቀሳቀሱ አገኘሁ። አሁን የወጥ ሳህን ውስጥ ናቸው፣ እርጥብ ጨርቅና የዓሊማ ቅርፊት አድርጌላቸዋለሁ። ያንን ሳህን ሁለተኛ አልበላበትም።

ሽታው ግን ለጓዳው አዲስ አይደለም፣ ጽጌ። ዱጉማ ሽንት ሽንት ይላል ሲል በድቡልቡሎቹ ያሳበብኩት ለዚህ ነው።

አባትሽ በነሐሴ 1973 ቀኝ ጎኑ ሽባ ሆኖ እዚያው ጓዳ ተኛ። ያኔ አንቺ ጎሬ ታስተምሪ ነበር። ንግግሩ ተሳስሮ ነበር፣ ስምሽን ግን በደንብ ይላል። «ጽጌን ጥሪያት» ነው የሚለው። እኔ «ጉንፋን ይዞት ነበር፣ ተሽሎታል» ብዬ ጻፍኩልሽ። በሩቅ ላለ ሰው ክፉ ወሬ አይጻፍም ብለው ጎረቤቶቹም መከሩኝ፤ ሁሉም የሚያደርገው ነው። ለአንቺ አዝኜ ግን አልነበረም። መጥተሽ የተኛበትን እንዳታዪ ነው።

ጎኑን ማገላበጥ፣ የሳር ፍራሹን አውጥቶ ማድረቅ፣ ሳሩን መለወጥ ነበረብኝ። የመጀመሪያውን ወር አደረግሁት። ከዚያ ጠረኑ አሸነፈኝ። አንሶላ እለውጣለሁ፣ ከአንሶላው በታች ያለውን ግን አልነካም። ላስቲክ አነጠፍኩ፤ ውሃው በላስቲኩ ጎን እየወረደ ሳሩ ውስጥ ይገባል። እርጥብ እንደሆነ አውቃለሁ። እጄን አስገብቼ ካየሁት የማላውቅ መምሰል አልችልም፣ ስለዚህ አላስገባሁም። ምግቡን አቅርቤ ደጃፍ ላይ ተቀምጬ አነባለሁ። ፊደል የለየሁት እሱ ግድግዳው ላይ ከለጠፈው ጋዜጣ ነው፤ ጣቱን እያስጠጋ ያሳየኝም እሱ ነበር። ሲጠራኝ ገጹን ልጨርስ እል ነበር። አንዳንዴ ሌላም ገጽ እጨምራለሁ።

ጀርባው ቆስሎ ነበር። ምን ያህል እንደሆነ አልጽፍም። ሊገንዙት ከገቡት ሰዎች ሲወጡ አንዱም ቀና ብሎ አላየኝም።

በሰላም አረፈ ያልኩሽ ይህንን ነው። ከአባትሽ እጅ የቀረሽን ነገር አባትሽን በያዝኩበት እጅ ያዝኩብሽ። ሃያ ሦስቱ ይትረፉ አይትረፉ አላውቅም። ምን ላድርግ?

ብርቅነሽ


ኪየቭ፣ ሚያዝያ 18 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለእትዬ ብርቅነሽ፣

ደብዳቤዎ ከደረሰኝ አራተኛ ቀኑ ነው። «ደኅና ናቸው» ላሉኝ ለቀድሞው ያልመለስኩት እንዳላመንኩዎት ቢያውቁ ብዬ ነበር። ለዚህኛው ግን መመለስ አለብኝ፤ እኔም ያልነገርኩዎት ነገር አለ።

ወደ ጎሬ ስመደብ ድቡልቡሎቹን ጓሮ ለቅቄያቸው ነበር የሄድኩት። የአባባን መርዶ ሰምቼ የመጣሁት ከተቀበረ በሦስተኛው ሳምንት እንደነበር ያስታውሳሉ። እርስዎ ለቅሶ ከሚደርሱት ጋር ሳሉ እኔ ወደ ጓሮ ዞርኩ። ከአጥሩ ሥር የተጣለ ፍራሽ አገኘሁ። ገለበጥኩት።

መሃሉ ጠቁሮ ረግቷል። የሰው ትከሻና ወገብ ቅርጽ ይዟል። ጠረኑን እርስዎ ያውቁታል። ከሥሩ ድቡልቡሎቹ በመቶ የሚቆጠሩ ሆነው አባባ የተኛበትን ሳር ይበሉ ነበር። ጭቃው ላይ ተቀምጬ አስመለስኩ። ከዚያ አንድ በአንድ ለቀምኳቸው። ሳጥኑ ውስጥ ያሉት እነሱ ናቸው።

ስለዚህ ያን ቀን ሁሉንም አውቄያለሁ። የጠየቅሁዎት ለማወቅ አልነበረም፤ ሲዋሹኝ ለማንበብ ነበር። ሳጥኑንም እርስዎ ዘንድ የተውኩት ሌላ ሰው አጥቼ አይደለም። አብራኝ ያስተማረች ጓደኛዬ ስጪኝ ብላ ለምናኝ ነበር። ክዳኑን በከፈቱ ቁጥር እንዲያቅለሸልሽዎ፣ እኔም ሩቅ ሆኜ ያንን እንዳስብ ፈልጌ ነው። በደብዳቤዎ «ይቀፉኛል» የሚለውን ሳነብ ደስ ይለኝ ነበር። አሁን ያንን ደስታዬን ሳስበው ራሴን ነው የምጸየፈው። የአባባን ነገር ለመቅጫ ተጠቀምኩበት፤ ያለቁትም በእኔ ምክንያት ነው።

ይቅርታ ለማለትም ለመቀበልም ገና አልደረስኩም። ይህን ያህል እውነት ከተነጋገርን አንድ ተጨማሪ ውሸት አልጽፍልዎም።

ሃያ ሦስት በቂ ነው፤ ከዚያ ባነሰም ይራባሉ። ሳጥኑን በፈላ ውሃ አጥበው ፀሐይ ላይ ያድርቁት። አሮጌውን ጉዝጓዝ በሙሉ ይጣሉት። አዲሱን አፈር ግን ከቤተ ክርስቲያን ግቢ አያምጡ። ጓሮ፣ ፍራሹ የነበረበት ቦታ አሁን ዓመት አልፎታል። ከዚያ የተሻለ አፈር ጉለሌ ውስጥ የለም። ከዚያ ይውሰዱ።

በእጅዎ።

ጽጌረዳ


ጉለሌ፣ ግንቦት 24 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለጽጌረዳ፣

ደብዳቤሽን አንብቤ ለሦስት ቀን ወደ ጓሮ አልወጣሁም። ያወቅሽ መሆኑ ይበልጥ ያሳፍረኛል ብዬ ነበር፤ አላሳፈረኝም። የከበደኝ ማወቅሽን ይዘሽ እዚህ ቤት እኔ ያቀረብኩትን ምሳ መብላትሽ ነው።

በአራተኛው ቀን ወጣሁ። ቦታውን ሳማ ወርሶታል። አካፋ ይዤ ነበር፣ ከአጥሩ ላይ አስደግፌ ተውኩት። ተንበርክኬ ሳማውን ነቀልኩና እጄን አስገባሁ። ቀዝቃዛ ነበር። የፍራሹ ጨርቅ፣ ያ ሰማያዊ መስመር ያለው፣ ከጣቴ ጋር ወጣ፤ ስይዘው እንደ እርጥብ ወረቀት ተቀደደ። ከጨርቁ ሥር ቀይ ትሎችና የአንቺ ድቡልቡሎች ዘመዶች ይተራመሱ ነበር። አንዱ ክንዴ ላይ ወጥቶ እስከ ክርኔ ሄደ። ፊቴን ወደ ጎን አድርጌ አስመለስኩ። አፌን በትከሻዬ ጠርጌ እንደገና አስገባሁ።

አንድ ጭብጥ አወጣሁና ጨመቅኩት። ተያያዘ። ውሃ አልወጣውም። አሸተትኩት ጽጌ፤ ሽንት የለውም። የዝናብ ሽታ ብቻ ነበር። እዚያው ብዙ ተቀመጥኩ።

ሳጥኑን እንዳልሽው አደረግሁት። እርጥቡ ጎን በመስኮቱ በኩል፣ ደረቁ በግድግዳው በኩል ነው። ወይራና ወርካ፣ የበሰበሰ እንጨት። ቀዳዳዎቹ ክፍት ናቸው፤ ዳዊቴን ወደ ሳሎን አዛውሬያለሁ።

ቅርፊቱን እየወቀጥኩ ሳለ ዓሊማ ሳታንኳኳ ገብታ አየችኝ። ሳጥኑንም አየች።

«ለአትክልት ነው ያልሽኝ» አለች።

«ዋሸሁሽ።»

«እኔ ጾማችሁን ሙሉ ልጆቼን ቅርፊቱን አትስበሩ እያልኩ የተቆጣሁት ለዚህ ነው? ብርቅነሽ፣ ይኼ እኮ ይሄዳል።»

«ይሄዳል።»

«አንቺ ነሽ በእጅሽ የምትነኪው?»

«እኔ ነኝ።»

እጄን ታጥቤ ሻይ ቀዳሁላት። ሻይዋን ጠጣች፤ ግን በር ላይ ቆማ፣ ቀሚሷን በአንድ እጇ ሰብስባ።

ከሃያ ሦስቱ አራቱ ሞቱ። ትናንት ደግሞ አንዷን ሳገላብጣት ከሆድዋ ሥር ቢጫ ነገር ቋጥራ አየሁ፤ መግል መስሎኝ ልጥላት ነበር። ስትንቀሳቀስ ቢጫው ውስጥ ያሉትም ተንቀሳቀሱ። ልጆቿ ናቸው። ከአሸዋ ያነሱ፣ ነጭ፣ እግር ብቻ። ካየኋቸው ነገሮች ሁሉ ያንን የሚያህል የሚያስጠላ አላየሁም። ቀስ ብዬ በእርጥቡ ጎን አስቀመጥኳት።

ለምጄዋለሁ ብዬ አልዋሽሽም። አሁንም ይቀፉኛል። እጄን ሳስገባ ዛሬም ትንፋሼን እይዛለሁ። ግን በሁለት ቀን አንዴ አስገባለሁ፤ ከዚያ አወጣለሁ፣ እታጠባለሁ፣ ንባቤን እቀጥላለሁ። ለካ የሚፈጀው ግማሽ ገጽ የሚነበብበትን ጊዜ ነው። ይህን አሁን ማወቄ ለአባትሽ ምንም አይጠቅመውም።

ይቅርታውን አልጠይቅሽም፤ ሲደርስ ይደርሳል፣ ካልደረሰም እዚሁ ነኝ። በሐምሌ ግን ሳጥኑን ለማየት ስትመጪ ማደሪያ ፍለጋ ሌላ ቤት እንዳትሄጂ። አልጋሽን አዘጋጅቻለሁ። ፍራሹ አዲስ ነው። እስከ ታች ድረስ እጄን አስገብቼ አየሁት፤ ደረቅ ነው።

ብርቅነሽ